እማማ ዜሊ ገና መንገድ ላይ ናት

ሰኞ፣ ኦገስት 4

የዳቦ ፍሬው ዛፍ ሁለት ጥሎ አደረ። አንዱ ፈርጧል። ደህናውን ቀቅዬ ከጨው ዓሣ ጋር ለቶንቶን ሲልቬር ይዤ ወጣሁ። አጎቴ፣ የእናቴ ታናሽ ወንድም… ሰማንያ አራት ሞላቸው፣ ዛሬም እዚያ ዳገት ላይ ብቻቸውን። "አልበሰለም" አሉ። መቼ በስሎላቸው ያውቃል? ሳህኑን ግን ጠርገው በሉ።

ድምፃቸው ይበልጥ ሻክሯል። "ጉንፋን ነው፣ ተይኝ።" ከፋሲካ ጀምሮ የማይለቅ ምን የሚሉት ጉንፋን ነው?

ይሄን ደብተር የያዝኩት ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ቀኑ ሁሉ እሁድ እየመሰለኝ ስለተቸገርኩ ነው። ዛሬ ሰኞ ነው። ይኸው ጻፍኩት።

ረቡዕ፣ ኦገስት 13

ዋና ከተማው፣ ፎር-ደ-ፍራንስ ሆስፒታል ደርሰን መጣን። ሐኪሙ ገና ልጅ ነው፣ ዓይኑን ከወረቀቱ አላነሳም። ጉሮሯቸው ላይ ዕጢ አለ። ክፉው ዓይነት። ድምፅ የሚያወጣው ነገር ከነሥሩ ይወጣል፣ ሴፕቴምበር 16። ከዚያ በኋላ መናገር የለም። "በፍጹም?" አልኩት። "በፍጹም፣ ማዳም።"

እኔ የወንበሩን ክንድ ጨበጥኩ። እሳቸው ደግሞ "መዋጥስ እችላለሁ?" ብለው ጠየቁት። ይችላሉ። "ሩምም?" ሐኪሙ ሳይወድ ሳቀ።

የወሰደንም የመለሰንም ማክሲሚን ነው፣ የሠፈራችን ሚኒባስ ሹፌር። ማክሲሚን ታርዲ። ተማሪዬ ነበር፣ አሁን አርባ አልፎታል። ታርዲ በፈረንሳይኛ "የዘገየ" እንደ ማለት ነው፤ ልጁ ደግሞ እውነትም ያረፍድ ነበር። ስም ስጠራ "ታርዲ፣ እንደ ስሙ!" እላለሁ፣ ክፍሉ በሳቅ ይፈርሳል። በየቀኑ ማለት ይቻላል። ዛሬ ሆስፒታሉ በር ላይ ሁለት ሰዓት ሙሉ ጠብቆን "ማዳም፣ ዛሬስ ያረፈዱት እርስዎ ነዎት!" አለኝ። ይሄ ልጅ ቂም የሚባል አልፈጠረበትም።

ቶንቶን እንደ ልማዳቸው የኋላ ወንበር። መኪናው ባዶ፣ ማክሲሚን "አባባ፣ እዚህ ፊት ይምጡ፣ ይመችዎታል" እያለ፣ እሳቸው ኋላ። ሃያ ዓመት ሙሉ እንዲሁ ናቸው። "ሹፌር" እንጂ በስሙ ጠርተውት አያውቁም። ምን አድርጓቸው ይሆን?

ዓርብ፣ ኦገስት 15

የማርያም በዓል። ቅዳሴ ላይ ቆሜ ስለ ተረቱ ሳስብ አለቀ።

ቶንቶን የለቅሶ ቤት ተረት ነጋሪ ናቸው። ነበሩ ልበል? ከዚህ እስከ ባስ-ፖዋንት ያለ እሳቸው ተረት የተቀበረ ሰው የለም። ጥንቸሉ ነብሩን እንዴት እንዳሞኘው፣ ሰይጣን ሚስት ሊያገባ መጥቶ እንዴት እንዳፈረ… ይሄን ሁሉም ሰምቷል። አንድ ግን ለሰው የማይነገር አለ። የቤታችን። የእማማ ዜሊ፣ የቶንቶን አያት አያት።

ግማሹን በስምንት ዓመቴ ሰምቻለሁ። እዚህ አገዳ እርሻው ላይ ባሪያ ነበረች። ሦስት ልጆች ነበሯት። ትንሹን በአምስት ዓመቱ ወደ ደቡብ ሸጡባት… እዚህ ላይ እናቴ ገብታ ክንዴን ይዛ አወጣችኝ። "የባሪያ ወሬ ለልጄ አትንገርብኝ፣ ሲልቬር! ልጄ ፈረንሳይኛ ነው የምትናገረው!" እውነቷን ነው፣ ቤታችን የአገሩን ቋንቋ፣ ክሪዮልን፣ የተናገረ ራት አይበላም ነበር። እኔም አድጌ አስተማሪ ስሆን ያንኑ አደረግኩ። ክሪዮል ከአፉ ያመለጠው ልጅ ፊቱን ወደ ግድግዳ…

ሌላኛውን ግማሽ ከቶንቶን በቀር የሚያውቅ የለም። ልጅ አልወለዱም። አንድ ወር ቀርቷቸዋል።

ሰኞ፣ ኦገስት 18

ቴፑን፣ አዲስ ባትሪና ሁለት ባዶ ካሴት ይዤ ጠዋት አራት ሰዓት ላይ ወጣሁ። ጠረጴዛው ላይ ሳስቀምጠው ሽጉጥ ያወጣሁባቸው ይመስል ወንበራቸውን ወደ ኋላ ሳቡ።

"ምንድን ነው?"

"የእማማ ዜሊን ተረት እንዲነግሩኝ ነው፣ ቶንቶን። ከ… ከሆስፒታሉ በፊት።"

"አሁን? በጠራራ ፀሐይ?"

ረስቼው! በቀን ተረት የተናገረ ሰው ቅርጫት ይሆናል። ማንም ልጅ የሚያውቀውን እኔ፣ የተማርኩት…

"ቶንቶን፣ ቅርጫት የሆነ ሰው በዓይንዎ አይተዋል?"

"ቤትሽ ስንት ቅርጫት አለ?"

"አራት።"

"ታዲያ ከየት የመጡ ይመስልሻል?"

ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ። እሳቸው ግን አልሳቁም። ቀልድ መስሎኝ ነበር እንጂ ቀልድ አይደለም። ሃምሳ ዓመት የጠበቁትን ሕግ በአንድ ቴፕ ሊያፈርሱልኝ ነው?

እሺ፣ ሲመሽ እመጣለሁ።

ሐሙስ፣ ኦገስት 21

ሦስት ምሽት። ሦስቱንም ቀን መድኃኒታቸው ጀንበር እንደጠለቀች ጣላቸው። ትናንት "ክሪክ!" ብለው ጀመሩ፣ ተረት እንዲህ ነው የሚጀመረው፣ ሰሚው "ክራክ!" ይላል። እኔ አፌን ሳልከፍት ማንኮራፋት ጀመሩ። ብርድ ልብስ አልብሻቸው ወረድኩ።

ጫማቸውን እንኳ አላወለቁም ነበር።

ረቡዕ፣ ኦገስት 27

ተጣላን።

"ካልሆነ ይጻፉልኝ" አልኳቸው። "የሚጻፍ ነገር ኑዛዜ ነው" አሉ። "የመጨረሻውን ብቻ ይንገሩኝ፣ ልጁ ምን ሆነ?" "በግ ነው እንዴ፣ ከላቱ ቆርጬ የምሰጥሽ?" እኔም ተናደድኩ። ሊጠፋ ነው እኮ፣ ግትር ነዎት፣ ከእርስዎ ጋር ሊቀብሩት ነው… አልኩ። አሁን አፈርኩ።

በዚያ በተቆራረጠ ድምፅ "ለመሆኑ ለማን ልነግር? 'ክራክ' ማለት ለሚያሳፍራት?" አሉኝ።

ለስድሳ ሁለት ዓመት አንድም ቀን "ክራክ" ብዬ አላውቅም። ለቅሶ ቤት እንኳ ከሴቶቹ ጋር ጓዳ ነው የምገባው፣ ሳህን ላጥብ ብዬ።

ቅዳሜ፣ ሴፕቴምበር 6

ሬዲዮው ከጠዋት ጀምሮ ስለ አውሎ ነፋሱ ነው። ነገ ይደርሳል። ማክሲሚን መዶሻውን ይዞ መጥቶ የእኔንም የቶንቶንንም መስኮቶች በጣውላ መታልን፤ ያለ ክፍያ። ቶንቶን በር ላይ ተቀምጠው አዩት። "በርታ፣ ሹፌር" አሉት። ይሄም ትልቅ ነገር ነው።

ዛሬ እሳቸው ጋ አድራለሁ። ሻማ፣ ውሃ፣ ዳቦ፣ የሳርዲን ቆርቆሮ። ቴፑንም ይዣለሁ… ምን ይታወቃል?

እሁድ፣ ሴፕቴምበር 7

ሳልጽፈው አልተኛም።

ነፋሱ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ገባ። ቆርቆሮው ይጮሃል፣ ውጭ የቶንቶን የዳቦ ፍሬ ዛፍ ሲገነጠል ሰማን። መብራት ጠፋ። መስኮቱ ሁሉ በጣውላ ተመትቷል፣ በሩ ተቀርቅሯል፣ የራሴን እጅ አላየውም። ቶንቶን መድኃኒታቸውን አልዋጡም፣ አውሎ ነፋስ ተኝቼ አላሳልፍም ብለው። ሻማ ለኮስኩ።

"ኤርሚኒ፣ ስንት ሰዓት ነው?"

"አምስት ሰዓት። የጠዋቱ።"

"ውጭ ምን ይታይሻል?"

"ምንም አይታየኝም።"

"ፀሐይ አለች?"

"የት አባቷ ትኖራለች?"

ትንሽ አሰቡ። "እንግዲያ ሌሊት ነው" አሉ። ሕጉን በሕግ ገለበጡት! ቴፑን ጫንኩት።

"ክሪክ!"

"እሺ ቶንቶን፣ እየሰማሁዎት ነው" አልኩ። ያውም በዚያ በክፍል ውስጥ ፈረንሳይኛዬ።

ቆሙ። "እኔ ፖሊስ ጣቢያ ቃል እየሰጠሁ አይደለም። መልሽ። ካልመለስሽ አፌ አይከፈትም። ክሪክ!"

"ክራክ" አልኩ። እንደ እንቁራሪት።

"ነፋሱ እንኳ ከአንቺ ይሻላል። ክሪክ!"

"ክራክ!" ጮህኩ። ማን ይሰማኛል? ደረቴ ላይ የሆነ ነገር ለቀቀ። ስቄ ነው ወይስ አልቅሼ…

ነገሩ እንዲህ ነው። ነፃነት ሲታወጅ ባሪያው ሁሉ አንድ አንድ ስም ብቻ ነበረው፤ የቤተሰብ ስም የጌቶች ነበር። ከዚያ ጸሐፊው በበቅሎ መጣ፣ ማንጎው ሥር ጠረጴዛ ዘርግቶ ለእያንዳንዱ የቤተሰብ ስም አወጣ። ለእማማ ዜሊና ለሁለቱ ልጆቿ "ኔላኖ" ብሎ ጻፈ። ይሄ የእኛ ስም ነው። እማማ ዜሊ ከጠረጴዛው አልሄድም አለች። "ሦስተኛ ልጅ አለኝ። ደቡብ፣ ቮክላን የሚባል አገር ነው ያለው፣ ከተሸጠ አራት ዓመቱ። እሱንም እዚሁ መስመር ላይ ጻፍልኝ።" ጸሐፊው "ሰው የሚጻፈው በቆመበት ነው። ያንን እዚያ ይጽፉታል።" "ምን ብለው?" "የመጣላቸውን።"

የአንድ ማሕፀን ልጆች፣ ሁለት ስም! በጅራፍ ያልተለያዩትን በቀለም ሊለያዩባት ነው። ወረቀቷን ደረቷ ውስጥ ከተተች። ሁለቱን ልጆች ለክርስትና እናታቸው ሰጠች። "ሦስት ቀን" አለቻቸው። የደቡቡ ጸሐፊ ልጇ ጋ ሳይደርስ ልትደርስ፣ በተራራው መንገድ፣ በእግሯ።

ሦስት ቀን አለፈ። ወር አለፈ። በአራተኛው ወር ከደቡብ አንድ የጨው ዓሣ ነጋዴ መጣ። ቮክላን ሳለ ጸሐፊው ሲጽፍ አይቷል። አንድ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ብቻውን ጠረጴዛው ፊት ቆሟል። "እናትህስ?" "እየመጣች ነው።" "የት አለች?" "እየመጣች ነው።" ጸሐፊው ሳቀና "እንግዲያ ዘግይታለች" ብሎ ጻፈ።

ታርዲ።

እኔ "ክራክ" ማለቱን ረሳሁ።

"እማማ ዜሊን ግን ነጋዴውም አላያት፣ ሌላም አላያት። ወንዝ ወሰዳት እንዳይባል ቀሚስ አልተገኘም፣ እባብ ነደፋት እንዳይባል አጥንት አልተገኘም። እማማ ዜሊ ገና መንገድ ላይ ናት።" አለቀ። ተረቱ እዚህ ላይ ነው የሚያልቀው።

ነፋሱ በረደ። በኋላ "ለዚህ ነው ኋላ የሚቀመጡት?" አልኳቸው። አንገታቸውን በአዎንታ ነቀነቁ። አያታቸው ተረቱን ስትነግራቸው ምራቋን ትተፋ ነበር አሉ። የእሷ እናት ከሁለቱ አንዷ ነበረች፣ በር ላይ ተቀምጣ እናቷን ስትጠብቅ ያደገች። "የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች" ይሉ ነበር፤ "ያ የቮክላኑ እናታችንን በላብን።" ከታርዲዎች ጋር አትጋቡ፣ አትብሉ፣ አትፈልጓቸው። መቶ ሃምሳ ዓመት ሊሞላው ነው!

"እና ማክሲሚን ምን አደረገ?"

"ምንም። ደግ ልጅ ነው" አሉ። "ይሄ ነው የከበደኝ።"

እኔስ? "ታርዲ፣ እንደ ስሙ!" እያልኩ ክፍል ያሳቅኩት… በገዛ ሥጋዬ፣ በእማማ ዜሊ መዘግየት። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 8

ካሴቱን ከፈትኩት። ነፋስ። አንድ ሰዓት ሙሉ ነፋስና ቆርቆሮ። ከቶንቶን አንዲት ቃል የለችም። የእኔ "ክራክ!" ብቻ አለ፣ አስራ አንድ ጊዜ፣ እንደ እብድ። አጠገቡ ስለተቀመጥኩ።

ነገርኳቸው። እስኪያስላቸው ሳቁ። "እንግዲህ ካሴቱ አንቺ ነሽ" አሉ።

ማክሰኞ፣ ሴፕቴምበር 16

ነርሶቹ ቶንቶንን በአልጋ እየገፏቸው ነበር፣ ኮሪደሩ ላይ። ነጭ ቆብ አድርገውላቸዋል፣ ሕፃን መስለዋል። የመጨረሻ ቃላቸው ምን ይሆን ብዬ ሌሊቱን ሳስብ አድሬያለሁ። የኦፕራሲዮን ክፍሉ በር ጋ ሲደርሱ ነርሶቹን በእጃቸው አስቆሙ። ዓይናቸው እኔን ፈለገ።

"ክሪክ!" አሉ።

ነርሶቹ አሉ፣ ጠያቂዎች አሉ፣ አንድ ቄስም ነበሩ።

"ክራክ!" አልኩ፣ ባለኝ አቅም።

በሩ ተዘጋ።

ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 18

ደህና ናቸው። አንገታቸው ላይ ቀዳዳ። ነርሷን በምልክት ሾርባው አልበሰለም አሏት።

ማክሰኞ፣ ሴፕቴምበር 30

ቤታቸው ገብተዋል። የድሮ ተማሪ ሰሌዳ ከነጠመኔው ሰጠኋቸው። መጀመሪያ የጻፉት "ዛፌስ?" ነው። የወደቀውን ዛፍ ማክሲሚን ቆራርጦ እንጨቱን ደርድሮላቸዋል አልኳቸው። ሰሌዳውን አጠፉና ጠመኔውን አስቀመጡ።

ተረቱን ጽፌ ጨርሻለሁ። አስራ ሁለት ገጽ፣ በጥሩ ፈረንሳይኛ፣ አንድ ስህተት የለበትም። ኮርቼ ሰጠኋቸው። መነጽራቸውን አደረጉ፣ እጃቸውን ዘረጉ… ቀይ እስክሪብቶዬን! አርባ ዓመት ልጆች ያስለቀስኩበትን ቀይ እስክሪብቶ። ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው ሰረዙት። ግርጌ ላይ "ማናት ይቺ ሴትዮ? አላውቃትም" ብለው ጻፉ።

አኮረፍኩ። ከሰዓት በኋላ ደግሜ አነበብኩት። እውነትም… እማማ ዜሊ ጸሐፊውን "ክቡርነትዎ ይፈቅዱልኝ ይሆን" ትለዋለች። ባለ ጓንት እመቤት አድርጌያታለሁ።

እሑድ፣ ኦክቶበር 12

በአፍ ነው የሚሆነው፣ ሌላ መንገድ የለም። በየምሽቱ እወጣለሁ፣ በክሪዮል እነግራቸዋለሁ። ከዘራቸውን ይዘው ይሰማሉ። አንድ ጊዜ ወለሉን ከመቱ ስህተት ነው። ሁለት ጊዜ ከመቱ ቀጥይ። ስንት ጊዜ ተሳሳትኩ? ዛሬ ዘጠኝ። ባለፈው ሳምንት አርባ ነበር፣ ጎረቤት አናጺ ቀጠራችሁ ወይ እስኪል።

ክሪዮሌ ዝጓል። "የእናትሽን አፍ አውልቀሽ አስቀምጪ" ብለው ጻፉልኝ። ግን ቃላቱ አሉ እኮ! ከየት ነው የሚመጡት? ተከልክዬ እንኳ ከጓዳ፣ ከገበያ ስሰበስባቸው ኖሬያለሁ።

እሑድ፣ ኦክቶበር 19

ለማክሲሚን ልንገረው አልኳቸው። ሰሌዳውን ይዘው ግማሽ ሰዓት ቆዩ። ጠመኔው ሁለቴ ተሰበረ። "ንገሪው።"

ሚኒባሱን ሲያጥብ አገኘሁት። ተረቱን አልነገርኩትም፣ ቀን ነው። ነገሩን ብቻ፣ ዘመዳሞች መሆናችንን። ከዚያ ይቅርታ ጠየቅኩት፣ ስለ ስሙ፣ ስለ ክፍሉ፣ ስለ ግድግዳው። ባልዲውን አስቀመጠ።

"ማዳም፣ እኔ የማረፍደው ለምን እንደነበር ያውቃሉ? እናቴን ሙዝ እርሻ አድርሼ ነበር የምመጣው።"

አላውቅም ነበር። ጠይቄውም አላውቅም። ቆሜ አለቀስኩ፣ እሱ ደግሞ በዚያ እርጥብ እጁ ትከሻዬን ያዘኝ። "ተዉ እንጂ፣ ማዳም፣ ሠፈሩ ዛሬም ሒሳብ ወድቄ ያስለቀስኩዎት ይመስለዋል።" ደግሞ እንዲህ አለኝ፦ "አያቴ ቮክላን ናት፣ እማማ ኔስቲን፣ ዘጠና አንድ ዓመቷ። ይሄን እሷ መስማት አለባት። ለቅዱሳን በዓል እወስዳችኋለሁ።"

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 1

ቮክላን። እማማ ኔስቲን ቤት ነው የምጽፈው፣ አልጋቸውን ለቀውልኝ።

ቶንቶን ጠዋት ከፊት ተቀመጡ። ማክሲሚን ሬዲዮውን አጠፋ፣ ቀስ ብሎ ነዳ፣ እንቁላል የጫነ ይመስል።

እማማ ኔስቲን ትንሽ ናቸው፣ ወንበሩ ላይ እግራቸው መሬት አይነካም። ቶንቶንን ከላይ እስከ ታች አዩና "ይሄ ሰውዬ አይናገርም?" አሉ። "ድምፃቸው በኦፕራሲዮን ወጣ፣ አያቴ።" "ጎሽ። ወንድ ልጅ ሲናገር ራሴን ያመኛል።" ቶንቶን ያለ ድምፅ ሳቁ፣ ትከሻቸው ብቻ ተንቀጠቀጠ። ወዲያው ተዋደዱ።

ቀኑን ሙሉ መቃብር ስናጸዳ ዋልን፣ እንደማንኛውም የቅዱሳን በዓል። ጀንበር ስትጠልቅ ሻማው በየመቃብሩ ተለኮሰ፣ ኮረብታው ሁሉ በራ። የታርዲዎቹ መቃብር ቤታቸው ጓሮ ውስጥ፣ ከባሕሩ ፊት ነው። እዚያ ተቀምጠን ጀመርኩ። ቀኑ አልፏል፣ የሚከለክል የለም።

"ክሪክ!"

"ክራክ!" አሉ፣ የማክሲሚን የአጎት ልጆች ሁሉ፣ ከነሚስቶቻቸው። እኔ፣ ኤርሚኒ፣ በአደባባይ፣ በክሪዮል! ቶንቶን አጠገቤ፣ ከዘራው ጉልበታቸው ላይ። አንድ ጊዜ ብቻ መሬቱን መቱ፣ የበቅሎዋን ነገር ዘልዬ።

ልጁ ጠረጴዛው ፊት ብቻውን የቆመበት ላይ ስደርስ እማማ ኔስቲን ከንፈራቸው አብሮኝ ይንቀሳቀሳል። "እየመጣች ነው፣ እየመጣች ነው።" ያውቁታል! ገረመኝ፣ ግን ቀጠልኩ። "…አጥንት አልተገኘም። እማማ ዜሊ ገና መንገድ ላይ ናት።"

"ማነው ያለው?" አሉ እማማ ኔስቲን።

ሁላችንም ወደ እሳቸው ዞርን።

"ማነው መንገድ ላይ ናት ያለው? ደርሳለች እንጂ!"

ቶንቶን ከወንበሩ ተነሱ።

የእነሱ ተረት የእኛ ካቆመበት ነው የሚጀምረው። ጸሐፊው በሄደ በሁለተኛው ቀን አንዲት ሴት በአንድ እግሯ እያነከሰች ደረሰች። ወንዙ ሞልቶባት ሦስት ቀን አሳድሯታል፣ እግሯን ድንጋይ ቆርጦታል። ልጁ ከአራት ዓመት በኋላ ባንድ ጊዜ አወቃት። ቁስሉ መግሎ ነበር። ዘጠኝ ቀን በልጇ ሰሌን ላይ ተኛች። ደረቷ ውስጥ ወረቀት ነበራት፣ ግን ውሃ ገብቶበት ቀለሙ አንድ ሰማያዊ ነገር ብቻ ሆኗል፣ ስሙን ማንም ማንበብ አልቻለም፣ እሷም አንዴ የሰማችውን ትኩሳቱ አስረስቷታል። ትኩሳቱ ሲይዛት "ሰሜን ሁለት ልጆች አሉኝ" ትል ነበር። "ሦስት ቀን ብያቸዋለሁ። ማን ይነግራቸዋል?" ልጁ ሲያድግ ሁለት ጊዜ ወደ ሰሜን ሄዶ ፈለጋቸው። የማንን ስም ብሎ ይጠይቅ? ተመለሰ።

"ያውላችሁ" አሉ እማማ ኔስቲን። ከመቃብሮቹ ሁሉ ጥጉ ላይ፣ ስም የሌለው፣ ዙሪያውን በትልልቅ የባሕር ቀንድ አውጣ ዛጎል የታጠረ። ቀን በእጄ ያጸዳሁት እኮ ነው! ሦስት ሻማ ነበረበት። "ሁልጊዜ ሦስት ነው። አንዱ ለእኛ፣ ሁለቱ ለእነዚያ።"

ቶንቶን ከዘራቸውን ጥለው ሄዱ። ባርኔጣቸውን አወለቁ፣ ዛጎሎቹ መሃል በጉልበታቸው ወደቁ። አፋቸው ይከፈታል፣ ይዘጋል… ከአንገታቸው ነፋስ ብቻ ይወጣል። በሕይወቴ እንዲህ ሲሆኑ አይቻቸው አላውቅም። መቶ ሃምሳ ዓመት ትታን ሄደች የተባለች እናት፣ እኛን እያለች ነው የሞተችው።

ሮጬ ሰሌዳውን አመጣሁላቸው። ጻፉ፣ ግን ለእኔ አላሳዩኝም፣ ወደ መቃብሩ አዞሩት። ከዚያ ትንሽ አሰቡና መልሰው ወሰዱት፣ ከሥሩ ጨመሩበት፣ ሰጡኝ።

"ሁለቱም ደህና አደጉ።" ከሥሩ ደግሞ፦ "ማንበብ አትችልም። አንቺ ንገሪያት።"

ተንበረከክኩ። ማክሲሚን በአንድ በኩል፣ ቶንቶን በአንድ በኩል። ለእሷ በሚገባት ቋንቋ፣ ጮክ ብዬ ነገርኳት። "እማማ ዜሊ፣ ሁለቱም ደህና አደጉ። አገቡ፣ ወለዱ። እኛ የእነሱ ነን።"